የሁለት ጣት መጽሐፍ ቅዱስ

በቤተ ክርስቲያን ታሪክ “የሁለት ጣት መጽሐፍ ቅዱስ” በመባል የሚታወቅ አንድ የቻይንኛ ትርጉም አለ። ይህን ስም ያገኘው ከተርጓሚው ሕመም የተነሣ ነው። ተርጓሚው ሳሙኤል ሼሬሼቭስኪ ይባላል። ታሪኩን ዛሬ የምናነሣው፣ በመካከላችን ታመው ቤት የቀሩና “አገልግሎቴ አበቃ” ብለው በልባቸው የሚያዝኑ ወገኖች ስላሉ ነው።

ሼሬሼቭስኪ እ.ኤ.አ. በ1831 በሩሲያ ግዛት ሥር በነበረችው ሊትዌኒያ ከአይሁድ ወላጆች ተወለደ። በልጅነቱ ወላጅ አልባ ስለ ሆነ ወንድሙ አሳደገው። ረቢ እንዲሆን ታስቦም ዕብራይስጥንና የአይሁድን መጻሕፍት ጠንቅቆ ተማረ። ተማሪ ሳለ በዕብራይስጥ የተተረጎመ አዲስ ኪዳን እጁ ገባ፤ አንብቦም ነቢያት የተናገሩለት መሲሕ ኢየሱስ መሆኑን አመነ። በ1854 ወደ አሜሪካ ተሻግሮ ተጠመቀ፤ ነገረ መለኮትም ተማረ። በ1859 የኤጲስቆጶሳዊት ቤተ ክርስቲያን ሚስዮናዊ ሆኖ ወደ ሻንጋይ ሲጓዝ፣ ቻይንኛ መማር የጀመረው ገና መርከብ ላይ ሳለ ነበር።

በ1862 ወደ ቤጂንግ ተዛወረ። በዚያም ከሌሎች ሚስዮናውያን ጋር ሆኖ አዲስ ኪዳንን ወደ ማንዳሪን፣ ማለትም ሕዝቡ በአፉ ወደሚናገረው ቋንቋ ተረጎመ። ብሉይ ኪዳንን ግን ለብቻው ከዕብራይስጡ ተረጎመው። ሥራው ቀላል አልነበረም። “እግዚአብሔርን በየትኛው የቻይንኛ ቃል እንጥራው?” የሚለው ጥያቄ ብቻ ሚስዮናውያኑን ለብዙ ዓመታት አከራክሯል። አንዳንዶቹ “ሻንግዲ”፣ ሌሎቹ “ሸን” ሲሉ፣ እርሱ “ቲየንዡ” ማለትም “የሰማይ ጌታ” የሚለውን መረጠ። ለረቢነት የተማረው ዕብራይስጥ፣ እርሱ ባላሰበው አገር ለወንጌል ሥራ ዋለ።

በ1877 የሻንጋይ ጳጳስ ሆኖ ተሾመ፤ በ1879ም በዚያው ከተማ የቅዱስ ዮሐንስ ኮሌጅን መሠረተ። ሥራው ሁሉ እየሰፋ ሳለ በ1881 በዉቻንግ ከተማ በብርቱ ታመመ። ሰውነቱ ሽባ ሆነ፤ አንደበቱም ተያዘ። ሕክምና ፍለጋ ወደ ጄኔቫ ተወሰደ፤ ነገር ግን አልዳነም። በ1883 የጳጳስነቱን ሥልጣን ለቀቀ። ገና የሃምሳ ሁለት ዓመት ሰው ነበር።

ብዙዎቻችን ታሪኩን እዚህ ላይ በዘጋነው ነበር። እርሱ ግን ከወንበሩ ሳይነሣ ወደ ትርጉም ሥራው ተመለሰ። እስክሪብቶ መያዝ ስላልቻለ፣ በሚታዘዝለት ጣት የጽሕፈት መኪናውን ፊደል በፊደል እየመታ ቻይንኛውን በላቲን ፊደላት ጻፈ። በኋላም ቻይናውያን ጸሐፊዎች ያንን ወደ ቻይና ፊደላት ገለበጡት። ትርጉሙ ቀለል ባለ “ዌንሊ” የተዘጋጀ ነበር። ዌንሊ የየአገሩ የአነጋገር ዘዬ ቢለያይም በዚያን ዘመን የተማሩ ቻይናውያን ሁሉ ያነቡት የነበረ የጽሑፍ ቋንቋ ነው። ሙሉ መጽሐፍ ቅዱሱ በ1902 ታተመ። ሼሬሼቭስኪም በ1906 በቶኪዮ ወደ ጌታው ሄደ።

ከሃያ ዓመት በላይ በዚያ ወንበር ተቀምጧል። መጀመሪያ ላይ ነገሩ እጅግ እንደከበደው፣ ኋላ ግን እግዚአብሔር ይበልጥ ለሚስማማው ሥራ እንደጠበቀው መመስከሩ ይነገራል።

ወገኖች ሆይ፣ እግዚአብሔር ፈዋሽ መሆኑን እናምናለን፤ ስለ ሕሙማንም እንጸልያለን። ነገር ግን ያልተፈወሰውን ሰው “እምነት ጎደለው” ብለን ስንቶቹን አቁስለናል? ጳውሎስም የሥጋው መውጊያ እንዲወገድለት ሦስት ጊዜ ለምኖ፣ የተሰጠው መልስ የሚበቃው ጸጋ ነበር። ሼሬሼቭስኪም የተቀበለው ይህንኑ ጸጋ ነው፤ ጸጋውም በየቀኑ፣ በየፊደሉ በቃው።

ስለዚህ በዚህ ሳምንት ታሞ ቤት የቀረ ወንድም ወይም እኅት ስንጠይቅ፣ “አይዞህ፣ ትድናለህ” ብለን ብቻ አንመለስ። አጠገባቸው ቁጭ ብለን፣ “ጌታ ዛሬ በእጅህ ያስቀረልህ ምንድን ነው?” ብለን እንጠይቅ። ምናልባት የቀረው አንድ ጣት ይሆናል። በጌታ እጅ ግን እርሱም ይበቃል።

ጸጋ ይብዛላችሁ።