ያልፈረሙት ባለሂሳቦች

በምሠራበት ባንክ አንድ የማይታለፍ ሕግ አለ፤ ባለሂሳቡ ሳይፈርም ከሂሳቡ አንዲት ሳንቲም አትወጣም። ማታ አሶሳ ከቤቴ ተቀምጬ የዓባይን ታሪክ ሳገላብጥ ግን ይህ ሕግ ደጋግሞ ሲጣስ አያለሁ።

ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ዳግማዊ አፄ ምኒልክና የእንግሊዙ መልእክተኛ ጆን ሌን ሃሪንግተን አዲስ አበባ ላይ ውል ተፈራረሙ። ውሉ የኢትዮጵያንና የሱዳንን ወሰን ለየ። ሦስተኛው አንቀጽ ደግሞ ከእንግሊዝና ከሱዳን መንግሥት ጋር ሳይስማሙ የዓባይን፣ የጣናንና የሶባትን ውሃ የሚያቆም ሥራ እንዳይሠራ ደነገገ። ስለ አማርኛውና ስለ እንግሊዝኛው ቃል ልዩነት ሊቃውንት ብዙ ተከራክረዋል። እኔን የሚከነክነኝ ግን ሌላ ነው። ያ ወሰን ጉሙዝንና በርታን ከሁለት ከፈላቸው፤ ከፈራሚዎቹ መካከል ከእነርሱ ወገን አንድም ሰው አልነበረም።

በ1952 ዓ.ም. ደግሞ ግብፅ 55.5፣ ሱዳን 18.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ብለው ወንዙን ተካፈሉ። አብዛኛውን ውሃ የምታመነጨው ኢትዮጵያ አልተጠራችም። ይህን በደል እናውቀዋለን፤ ለልጆቻችንም እንነግራለን።

ነገር ግን፣ ውድ አንባቢ፣ እስቲ ፊታችንን ወደ ራሳችን እንመልስ። ከ1977ቱ ረሃብ በኋላ በጣሊያን መንግሥት ገንዘብ በተደገፈው የጣና በለስ ፕሮጀክት እጅግ ብዙ ገበሬዎች ፓዌ ላይ ሰፈሩ። ብዙው ሰፋሪ ወድዶ አልመጣም። ጉሙዙም ቦታ እያፈራረቀ የሚያርስበትን፣ የሚያድንበትንና ዓሣ የሚያጠምድበትን ሸለቆ አጣ። ኋላ በሁለቱ መካከል ደም ፈሰሰ። ድሃና ድሃ ተጋደለ፤ ውሳኔውን የፈረመው ግን ከሁለቱም ወገን አልነበረም።

መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. ጉባ ላይ የታላቁ ሕዳሴ ግድብ መሠረት ተጣለ፤ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። እኔም በመስኮቴ የግድቡን ቦንድ ሸጫለሁ፤ ከደመወዜም ገዝቻለሁ። ኩራቴን አልደብቅም። ሆኖም ሐይቁ ከተኛበት ሸለቆ መንደራቸውን ለቀው የተነሡ ጉሙዞች አሉ። ቦንድ የገዛ ሰው ገንዘቡ የሚመለስበትን ቀን ያውቃል። የአባቱን ወንዝ ዳር የሰጠው ሰውስ የሚከፈለው መቼ ነው? ካይሮን ስንጠይቅ የኖርነውን ጥያቄ አንድ ቀን ጉባ ቢጠይቀን ምን እንመልሳለን?

ወንዙ በደጃፉ ሲፈስ እያደረ፣
ስሙ ከወረቀት ስንት ዘመን ቀረ!