«በሕግ አምላክ!» ድሮና ዘንድሮ

መርካቶ፣ ራጉኤል ቤተ ክርስቲያንና አንዋር መስጊድ በተጎራበቱበት ሰፈር፣ ሁለት ነጋዴዎች ሲጣሉ ቆሞ ያየ ሰው «በሕግ አምላክ!» የሚል ድምፅ መስማቱ አይቀርም፡፡ በአጠገቡ ፖሊስ የለም፣ ዳኛ የለም፣ ወረቀት የለም፡፡ እኛ የዛሬ ልጆች እንደ ተራ አባባል እንሰማዋለን፡፡ ለአያቶቻችን ግን ማዘዣ ነበር፡፡

ያኔ «በሕግ አምላክ» ወይም «በምኒልክ አምላክ» የተባለ ሰው ባለበት ይቆማል፡፡ ጥሎ ከሄደ ንጉሡን እንደደፈረ ይቆጠራል፡፡ አላፊ አግዳሚው መንገድ ዳር ዳኛ ሆኖ ይቀመጥላቸዋል፡፡ ነገሩ ከከበደ ከሳሽና ተከሳሽ ነጠላቸውን ጫፍና ጫፍ ቋጥረው ወደ ዳኛ ይሄዳሉ፡፡ ባለዕዳና ባለገንዘብ ደግሞ በሰንሰለት ይታሰሩ ነበር፡፡ «ቁራኛ» የምንለው ይኸው ነው፡፡ ሰንሰለቱ ጭካኔ ነው፤ ይመለስልን አንልም፡፡ የሚገርመን የነጠላው ቋጠሮ ነው፡፡ ፈትቶ ለመሄድ ጉልበት አይጠይቅም፤ ሆኖም ሰው ተቋጥሮ ይሄድ ነበር፡፡

ዘመኑ ተቀየረና ሕጉ መጽሐፍ ውስጥ ገባ፡፡ የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ችሎት ላይ ዳኛን የሰደበ፣ ያፌዘበት፣ ያስፈራራ ወይም ሥራውን ያወከ ሰው እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር መቀጮ ይቀጣል ይላል፡፡ ጥሩ! ችሎት መከበር አለበት፡፡ ግን ትዕዛዙንስ?

በ1993 ዓ.ም. ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ አቶ ስዬ አብርሃ በዋስ እንዲለቀቁ አዘዙ፡፡ ፖሊስ ወዲያው መልሶ ያዛቸው፡፡ በዚያው ዓመት በወጣው አዋጅ ቁጥር 239/1993 በሙስና የተጠረጠረ ሰው ዋስትና ተከለከለ፡፡ አቶ ስዬ ከእስር የወጡት በ1999 ዓ.ም. ነው፡፡

በ2004 ዓ.ም. ደግሞ የ«ፍትሕ» ጋዜጣ አዘጋጅ ተመስገን ደሳለኝ ስለ እነ እስክንድር ነጋ ክስ ባተመው ዘገባ ችሎት ደፍረሃል ተብሎ 2,000 ብር ተቀጣ፡፡ በ2013 ዓ.ም. መጀመሪያ አቶ ልደቱ አያሌው በ100,000 ብር ዋስ እንዲለቀቁ ፍርድ ቤት ቢያዝም ፖሊስ አልለቅም አለ፡፡

እንግዲህ አስተያዩት፡፡ የጻፈው ሰው ችሎት ደፈረ ተብሎ ከኪሱ ከፈለ፡፡ ዳኛ «ልቀቅ» ሲለው ያልለቀቀውስ? ፍርድ ቤት የራሱ ጦር የለውም፤ ፍርዱን የሚያስፈጽምለት ያው ፖሊስ ነው፡፡ አስፈጻሚው እምቢ ካለ ፍርዱ ወረቀት ሆኖ ይቀራል፡፡ ወረቀቱን ይዞ እስር ቤት በር ላይ የሚመላለሰው ደግሞ ቤተሰብ ነው፡፡

ራጉኤል ጋ «በሕግ አምላክ» የተባለ ነጋዴ ዛሬም ቆም ይላል፡፡ ጥሎ ቢሄድ ነገ ዱቤ የሚሰጠው፣ ዕቁብ የሚያስገባው እንደማይኖር ያውቃል፡፡ የዳኛ ትዕዛዝ ረግጦ የሚሄድ ባለሥልጣንስ ምን ይቀርበታል? እሱን በማን አምላክ እናቁመው?