የቀጭን አንጀት የምት ጉዳት ኮድ

የቀጭን አንጀት የምት ጉዳት ኮድ የሆድ ቆዳ ሳይበሳ በመኪና ግጭት፣ በመውደቅ ወይም በእንስሳ እርግጫ ቀጭን አንጀት ላይ የሚደርስ ጉዳት በሕክምና መዝገብ የሚለይበት ምልክት ነው።

በዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምደባ 10ኛ እትም (አይሲዲ-10) የቀጭን አንጀት ጉዳት ኤስ36.4፣ የትልቁ አንጀት ደግሞ ኤስ36.5 ነው። እንደ አማራጭ በሚጨመረው አሃዝ 0 ወደ ሆድ ዕቃ የሚዘልቅ ክፍት ቁስል አለመኖሩን፣ 1 መኖሩን ያሳያል፤ ስለዚህ የምት ጉዳት ኤስ36.40 ይሆናል። በአሜሪካ በሚሠራበት ቅጂ ግን አሃዞቹ ሌላ ትርጉም አላቸው፦ ኤስ36.42 የአንጀት መቀጥቀጥን፣ ኤስ36.43 መቀደድን ያመለክታል።

ይህ ኮድ የጉዳቱን ዓይነት እንጂ መንስኤውን አይገልጽም። በመሆኑም የመንስኤ ኮድ አብሮ ይጻፋል። የመጓጓዣ አደጋዎች ከቪ01 እስከ ቪ99፣ መውደቅ ከደብሊው00 እስከ ደብሊው19 ተመድበዋል።

የተቀደደ አንጀት ምልክት ከሰዓታት በኋላ ሊጎላ ስለሚችል ታካሚው መጀመሪያ «የሆድ ሕመም» (አር10) ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል። በቀዶ ሕክምና ቅደቱ ከተገኘ በኋላ ኮዱ በካርዱ ላይ ካልታረመ ጉዳቱ ከአደጋ ቆጠራ ውጭ ይቀራል።

በኢትዮጵያ የጤና ተቋማት የበሽታ ሪፖርት በዲኤችአይኤስ2 ሥርዓት ይሰበሰባል። በአዲስ አበባ የአደጋ ተጎጂዎችን ከሚያክሙት መካከል በቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል ሚሌኒየም ሕክምና ኮሌጅ ሥር የሚገኘው አቤት ሆስፒታል አንዱ ነው። የምዝገባው ትክክለኛነት የቀዶ ሕክምና አልጋ፣ ደምና ባለሙያ የት እንደሚያስፈልግ ለማቀድ ይረዳል።