አሥር ወር ወይስ አሥራ አራት? የመሬት ዛቢያ ውዝዋዜ ታሪክ

እንዝርት በጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ሲሾር ቀጥ ብሎ የሚቆየው ለጥቂት ጊዜ ብቻ ነው። ፍጥነቱ በረድ ሲል አናቱ በአየር ላይ ክብ እየሠራ መንገዳገድ ይጀምራል። መሬትም ከዚህ ጠባይ ነፃ አይደለችም። ፀሐይና ጨረቃ በወገቧ ላይ ያበጠውን ክፍል ስለሚስቡት ዛቢያዋ በሰማይ ላይ በ26,000 ዓመት ገደማ አንድ ዙር ይፈጽማል። ይህን የግሪኩ ሂፓርኮስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በሁለተኛው መቶ ዓመት ስለ ደረሰበት ነገሩ አሮጌ ነው። እዚህ የሚተረከው ግን ከዚህ የተለየ፣ የውጭ ጉተታ ሳያስፈልገው በመሬት በራሷ አካል ውስጥ የሚፈጸም ትንሽ ውዝዋዜ ነው። በዚህኛው ዋልታው በመሬት ገጽ ላይ ካለበት ቦታ ፈቀቅ ይላል፤ ዋልታው ፈቀቅ ባለ ቁጥርም የእያንዳንዱ ከተማ ኬክሮስ አብሮ ይለወጣል። (የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የነገሩ መነሻ የስዊሱ የሒሳብ ሊቅ ሌዎናርድ ኦይለር ነው። ኦይለር በ1765 ባወጣው መጽሐፉ፣ አንድ ግትር አካል የሚሽከረከርበት ዛቢያ ከቅርጹ ዛቢያ ጋር በትክክል ካልገጠመ የመጀመሪያው በሁለተኛው ዙሪያ እንደሚዞር አረጋገጠ። የዙሩን ጊዜ የሚወስነው የወገቡ እብጠት መጠን ነው። የመሬት ልክ ሲገባበት መልሱ 305 ቀን፣ ማለት አሥር ወር ያህል ሆነ።

ስሌቱ ያማረ ስለነበረ ማንም አልተጠራጠረውም። የሥነ ፈለክ ሊቃውንትም በየመዝገባቸው ውስጥ አሥር ወሩን ፍለጋ ገቡ። በሩሲያ የፑልኮቮ መመልከቻ ጣቢያ ፔተርስ ፈለገው። ጄምስ ክላርክ ማክስዌልም በግሪንዊች ከ1851 እስከ 1854 የተደረጉትን የሰሜን ኮከብ ልኬቶች መረመረ፤ አጥጋቢ ነገር አልተገኘም። ዛሬ ሲታይ ምክንያቱ ግልጽ ነው። ልኬቶችን በተሳሳተ የዙር ጊዜ እየከፈሉ ቢደራርቧቸው የአንዱ ዙር ከፍታ በሌላው ዝቅታ ላይ ይወድቅና እርስ በርሱ ይጣፋል። እህሉ የጠፋው ስላልነበረ ሳይሆን የወንፊቱ ዓይን ለሌላ እህል ስለተሠራ ነበር።

በ1884 እና በ1885 በርሊን ላይ ፍሪድሪክ ኪውስትነር ስለ ብርሃን አንድ ቋሚ ቁጥር ለማግኘት ከዋክብትን ይለካ ነበር። የተጠቀመበት ዘዴ የአሜሪካ ጦር መሐንዲስ የነበረው አንድሩ ታልኮት ያዳበረው ነው፤ ይህ ለሙያው ባልደረቦች መጠቀስ ይገባዋል። ልኬቶቹ አልገጥም ሲሉት ኪውስትነር ጥፋቱን በመሣሪያውም በአየሩም ላይ ፈልጎ ሲያጣ፣ በ1888 የበርሊን ኬክሮስ ራሱ ተለውጧል ብሎ አሳተመ። የለውጡ መጠን የማዕዘን ሰከንድ አንድ አምስተኛ ያህል ነው፤ በመሬት ላይ ስድስት ሜትር መሆኑ ነው።

በዚያው ጊዜ በአሜሪካ ኬምብሪጅ ሴት ካርሎ ቻንድለር የሚባል ሰው፣ በባዜቃ ላይ የሚንሳፈፍና ራሱ የፈለሰፈው መሣሪያ ይዞ አሥራ ሦስት ወር ሲለካ ተመሳሳይ ለውጥ አይቶ ነበር። ቻንድለር ለብዙ ዓመታት በሕይወት ኢንሹራንስ ድርጅት በሒሳብ ሥራ የኖረ ሰው ነው፤ የማይጣጣሙ ቁጥሮችን አበጥሮ ሥርዓት ማውጣት የለመደው ሥራ ነበር። ያየውን ለውጥ በ1885 አሳትሞ፣ ምክንያቱን ስላላገኘለት ተወው። የኪውስትነር ጽሑፍ ከወጣ በኋላ ግን ወደ ጉዳዩ ተመለሰ። አሥር ወሩን ሆነ ብሎ ወደ ጎን ትቶ የአሮጌ ጣቢያዎችን መዝገብ፣ ከሠላሳ ሺህ በላይ ልኬቶችን፣ እንደገና አሰላ። በ1891 የደረሰበት መልስ 427 ቀን ነበር፤ አሥራ አራት ወር መሆኑ ነው።

ይህን አልቀበልም ካሉት አንዱ በዋሽንግተን የባሕር ዓልማናክ መሥሪያ ቤት ኃላፊ የነበረው ሳይመን ኒውኮም ነው። በዘመኑ የእርሱ ቃል ከባድ ነበር። ኒውኮም 427 ቀን ከኦይለር ሕግ ጋር አይታረቅም አለ። ነገር ግን ብዙም ሳይቆይ የስህተቱን ቦታ ያገኘው ራሱ ነው፤ በዚህ ምስጋና ይገባዋል። የኦይለር ሕግ የተጻፈው ለግትር አካል ነበር። መሬት ግን ጥቂት ትለመጣለች፤ ባሕሯም ይፈስሳል። ዛቢያው ፈቀቅ ሲል የወገቧ እብጠት በከፊል ይከተለዋል፤ ስለዚህ የሚመልሰው ኃይል ይላላል፤ ዙሩም ይዘገያል። በላላ መሠረት ላይ የተተከለ ማሽን ቀስ ብሎ እንደሚወዛወዝ ማለት ነው። ኒውኮም ከመዘግየቱ መጠን ተነሥቶ ወደ ኋላ በማስላት፣ መሬት በጠቅላላው ከአረብ ብረት ጥቂት የበለጠ ጥንካሬ እንዳላት ገመተ። ማንም ጉድጓድ ሳይቆፍር በከዋክብት ልኬት ብቻ የመሬት ሆድ ጥንካሬ ታወቀ።

በ1891 እና በ1892 ወደ ሆኖሉሉ የተላከ የጀርመን ጓድ የመጨረሻውን ጥርጣሬ አነሣ። ሆኖሉሉ ከበርሊን አንጻር በመሬት ማዶ ያለች ናት ማለት ይቻላል። የበርሊን ኬክሮስ ሲጨምር የሆኖሉሉ ቀነሰ። ቻንድለርም በ1892 ከአሥራ አራት ወሩ ጋር የአሥራ ሁለት ወር ውዝዋዜ እንዳለ አሳየ፤ ሁለቱ በስድስትና በሰባት ዓመት መካከል አንድ ጊዜ እየተደጋገፉ ያድጋሉ፣ እየተቃረኑም ያንሳሉ።

በ1899 በአንድ ኬክሮስ፣ በ39 ዲግሪ ከ8 ደቂቃ ሰሜን ላይ፣ ስድስት ጣቢያዎች ተቋቋሙ፤ አንዱ በጃፓን፣ አንዱ በቱርኪስታን፣ አንዱ በኢጣሊያ፣ ሦስቱ በአሜሪካ። ሁሉም የሚያዩት አንድ ዓይነት ከዋክብት ነው። የጃፓኑ የሚዙሳዋ ጣቢያ ልኬት ከሌሎቹ ጋር አልገጥም ሲል በፖትስዳም የነበረው ማዕከል የጃፓኖቹን ሥራ ዝቅተኛ ግምት ሰጠው። የጣቢያው ኃላፊ ሂሳሺ ኪሙራ መሣሪያውን ደጋግሞ መርምሮ እንከን አጣበት። ከዚያም የስድስቱን ጣቢያዎች ቁጥር አንድ ላይ ሲመለከት በሁሉም ዘንድ በአንድ ጊዜ የሚታይ፣ ቀመሩ የማያውቀው አንድ ተጨማሪ ለውጥ አገኘ። በ1902 ይህ በቀመሩ ውስጥ ሲገባ ሚዙሳዋ ከሌሎቹ ያነሰ እንዳልነበረ ተረጋገጠ።

የዚያ ተጨማሪ ለውጥ ምንነት ግን ለስድሳ ስምንት ዓመት ሳይፈታ ቆየ። በ1970 እዚያው ሚዙሳዋ ውስጥ ዋኮ የተባለ ተመራማሪ ፈታው። የከዋክብቱን ቦታ ለማረም ሲያገለግል የኖረው ስሌት መሬትን ግትር አድርጎ የሚቆጥር ነበር፤ የመሬት እምብርት ግን ፈሳሽ ስለሆነ በየስድስት ወሩ የሚመጣው የዛቢያ ንቅናቄ መጠን ከስሌቱ ይለያል።