የእንግሊዝ ከሰል ቆፋሪዎች ፊልምና የጋፋት ሠራተኞች

የጋፋትን ታሪክ የሚያጠና ተማሪ አንድ ችግር ያጋጥመዋል። ዐፄ ቴዎድሮስ ከደብረ ታቦር አጠገብ ባለው በዚህ ሥፍራ ሴባስቶፖል የተባለውን ታላቅ መድፍ ሲያሠሩ የሆነውን በሰፊው የምናነበው ሥራውን ይመሩ ከነበሩት ከዋልድማየርና ከሌሎች ሚሲዮናውያን ጽሑፍ ነው። በእጁ የደከመው ያገር ሰው ድምፅ በዚያ እምብዛም አይሰማም።

ስለዚህ ድካሙ በፊልም የተመዘገበለት ሠራተኛ ያስቀናል። የእንግሊዝ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪ እንዲህ ያለ ዕድል አግኝቷል። ዳሩ ግን ፊልሙን ያሠራው ማን ነው?

በ1935 ዓ. ም. (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው) አልቤርቶ ካቫልካንቲ «ኮል ፌስ» የተባለውን አጭር ፊልም አዘጋጀ። ግጥሙ የኦደን፣ ሙዚቃው የብሪተን ነው። ቆፋሪዎቹ ወደ ጉድጓድ ሲወርዱ፣ ከመሬት በታች ምሳቸውን ሲበሉ፣ ወደ ቤታቸው ሲመለሱ ይታያሉ፤ ተራኪውም በየሥራው ቀን አራት ሰው እንደሚሞት ሳይሸሽግ ይናገራል። አሠሪው የፖስታ መሥሪያ ቤት የፊልም ክፍል ሲሆን ጉድጓዶቹ ግን የግል ከበርቴዎች ነበሩ። በሌላ ሰው ጉድጓድ ስለሚሞተው መናገር ይቀላል ብዬ እገምታለሁ።

ጃንዋሪ 1 ቀን 1947 ዓ. ም. ማዕድኑ የመንግሥት ሲሆን ነገሩ ተለወጠ። ብሔራዊ የከሰል ቦርድ የቆፋሪውም የፊልሙም አሠሪ ሆነ። «ማይኒንግ ሪቪው» የተባለው ወርኃዊ ፊልሙ፣ በ1972 ዓ. ም. ስሙ «ሪቪው» ተብሎ፣ እስከ 1983 ዓ. ም. ቆየ። አዲሱን የመቆፈሪያ መኪና፣ የመንደሩን የሙዚቃ ጓድና የስፖርት ውድድር ያሳይ ነበር። ሐሰት ነው ማለቴ አይደለም፤ ስለ መሣሪያውና ስለ ሥራው አያያዝ ከዚያ የተሻለ ምስክር በቀላሉ አይገኝም። ነገር ግን ጠያቂው ጌታው የሆነ ሠራተኛ መልሱን መዝኖ ይሰጣል።

በ1984 ዓ. ም. ታላቁ የሥራ ማቆም አድማ ሲነሣ፣ ከአድመኞቹ ጋር የቆሙ የፊልም ባለሙያዎች «ማይነርስ ካምፔይን ቴፕስ» የተባሉትን ቪዲዮዎች አወጡ። በእነዚህ ቆፋሪውና ሚስቱ ስለ ፖሊስ ዱላና ስለ ጋዜጦች አድልዎ በግልጽ ይናገራሉ። እነርሱም ቢሆኑ ለአንድ ወገን የቆሙ ናቸው፤ ይሁን እንጂ ከቦርዱ ፊልም አጠገብ ሲቀመጡ አንዱ የተወውን ሌላው ይሞላል።

ለጋፋት ይህ ሁለተኛው ወገን ጎድሎናል። ሰባት ቶን ያህል የሚመዝነው ሴባስቶፖል ከኦክቶበር 1867 እስከ ማርች 1868 ዓ. ም. ድረስ በሰው ጉልበት እየተጎተተ መቅደላ ደርሷል። የጎታቾቹ የልጅ ልጆች በጉና ግርጌ የሰሙትን ለመመዝገብ ካሜራ እንኳ አያስፈልግም። ተናጋሪው የመኳንንት ዘር ወይም የቀጥቃጭ ዘር መሆኑን ግን ከቃሉ አጠገብ መጻፍ ይገባናል።