በመንግሥት የኮንትራት ቅጥር ሾርት ሊስት የገቡ ዕጩዎች መብት

በየካ አባዶ ኮንዶሚኒየም የሚኖር ሥራ ፈላጊ በአንድ ሰሞን ሦስት የኮንትራት ቅጥር ማስታወቂያዎችን ሊያነብ ይችላል፤ አንዱ የለሚ ኩራ ክፍለ ከተማ፣ ሁለተኛው የፌዴራል መሥሪያ ቤት፣ ሦስተኛው የመንግሥት የልማት ድርጅት ሊሆን ይችላል። ማስታወቂያዎቹ ቢመሳሰሉም የሚገዟቸው ሕጎች ይለያያሉ። ክፍለ ከተማው በከተማ አስተዳደሩ፣ የፌዴራሉ መሥሪያ ቤት በፌዴራል መንግሥት የሠራተኞች አዋጅ ይመራሉ። የልማት ድርጅቱ የሚተዳደረው ግን በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። ዕጩው አስቀድሞ ቀጣሪውን ካልለየ አቤቱታው የማይመለከተው ቢሮ ዘንድ ቀርቶ ጊዜው ሊያልፍበት ይችላል።

በተለምዶ «ኮንትራት» የሚባለው የመሥሪያ ቤት ቅጥር በፌዴራሉ ሕግ ጊዜያዊ ቅጥር ይባላል፤ የሚፈጸመውም በመርህ ደረጃ የዘላቂነት ባሕርይ ለሌለው ሥራ ነው።

ሾርት ሊስት ውስጥ መግባት የመቀጠር መብት አያስገኝም፤ የሚያስገኘው በእኩልነት የመወዳደር መብት ነው። ከአዋጅ ቁጥር 515/1999 ወደ አዋጅ ቁጥር 1064/2010 የተሸጋገረው መርህ እንደሚለው፣ ክፍት የሥራ መደብ የሚያዘው ተፈላጊ ችሎታውን በሚያሟላና በውድድር ብልጫ ባገኘ ሰው ነው። በብሔር፣ በጾታ፣ በሃይማኖት፣ በፖለቲካ አመለካከት ወይም በአካል ጉዳት ምክንያት ልዩነት ማድረግ የተከለከለ ነው። ስለዚህ ከፈተና በኋላ በማስታወቂያው ያልተገለጸ መስፈርት ቢጨመር ዕጩው ቅሬታ ለማቅረብ በቂ ምክንያት አለው። በአንጻሩ እኩል ወይም ተቀራራቢ ውጤት ላመጡ ሴቶችና አካል ጉዳተኞች ቅድሚያ መስጠት ሕጉ ራሱ ያዘዘው በመሆኑ እንደ አድልዎ አይቆጠርም። የጤና ምርመራ ማስረጃ ሲጠየቅም የኤች አይ ቪ ምርመራን አይጨምርም።

የአካል ጉዳተኞች የሥራ ስምሪት መብት አዋጅ ቁጥር 568/2000 ከዚህ አልፎ ይሄዳል። የእኩል ዕድል መብትን የሚያጣብብ የመምረጫ መስፈርት በራሱ አድልዎ ነው፤ አድልዎ ተፈጽሞብኛል የሚል አካል ጉዳተኛም የማስረዳት ሸክም ሳይኖርበት ክስ መመሥረት ይችላል። ይህ ድንጋጌ ብዙ ዕጩዎች የማያውቁት በመሆኑ ሲጠቀሙበት እምብዛም አይታይም።

ቅሬታ በጽሑፍ፣ በቀንና በፊርማ ተደግፎ በቅድሚያ ለቀጣሪው የሰው ሀብት አስተዳደር ይቀርባል፤ ገቢ የተደረገበት ቅጂም ይያዛል። ምላሽ ካልተገኘ ለመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ፣ ቀጥሎም እንደ ቀጣሪው ዓይነት ለከተማው ፐብሊክ ሰርቪስና የሰው ሃብት ልማት ቢሮ ወይም ለፌዴራል ሲቪል ሰርቪስ ኮሚሽን ማቅረብ ይቻላል። የኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም የአስተዳደር በደል አቤቱታን ያለ ክፍያ ይቀበላል። የሠራተኞች አዋጁ በ2017 ዓ.ም. እንደገና የወጣ በመሆኑ፣ የአንቀጽ ቁጥር ከመጥቀስ በፊት ማስታወቂያው በወጣበት ቀን የጸናውን ሕግ ማመሳከር ያስፈልጋል።

ዕጩው የራሱን ውጤትና የነጥብ አሰጣጥ መስፈርቱን በመረጃ ነፃነት አዋጅ ቁጥር 590/2000 መሠረት መጠየቅ ይችላል፤ የሌላ ተወዳዳሪ የግል መረጃ ግን ጥበቃ አለው። የመልሱ ጊዜ እስከ 30 ቀን ሊደርስ ስለሚችል በዚያው መካከል ከሌላው ሰው ጋር ውል ሊፈረም ይችላል። በመሆኑም ቅሬታው መረጃውን ሳይጠብቅ ጎን ለጎን መቅረብ ይኖርበታል።