ከዛፍ የወጡት ሰዎች

ቀን ቀን በባንክ መስኮት ኋላ ተቀምጬ የሰው ዕዳ እመዘግባለሁ። ማታ ማታ ታሪክ አነባለሁ፤ በዚያም ዕዳ አይለቀኝም። ሰሞኑን ያገኘሁት የአንድ ዛፍና «ከእርሱ ወጣን» የሚል የአንድ ሕዝብ ታሪክ ነው። (ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ዛፉ በደቡባዊ አፍሪካ የሣር ምድር ይበቅላል። እንግሊዞች «ሌድዉድ» ይሉታል፤ የጽሕፈቱን ሳይሆን የማዕድኑን እርሳስ አስበው። እንጨቱ ከውኃ ስለሚከብድ ይሰጥማል። እጅግ በዝግታ ያድጋል፤ ሺህ ዓመት ያህል የኖረ ተገኝቷል። ከደረቀም በኋላ ለብዙ ዘመን ሳይወድቅ ይቆማል።

የናሚቢያ ሄሬሮዎች ስሙን ኦሙምቦሮምቦንጋ ይሉታል። የመጀመሪያዎቹ ሰዎች ከብቶቻቸውም ጭምር ከዚህ ዛፍ ወጡ ብለው ያምናሉ። አገራቸውን ያየው እንግሊዛዊ ፍራንሲስ ጋልተን ሰዎችም እንስሳትም ከዛፍ እንደ ወጡ የሚናገረውን ትረካ በ1853 ባሳተመው መጽሐፍ አስፍሮታል።

የአድዋ ድል በተገኘ በስምንተኛው ዓመት፣ በጃንዋሪ 1904፣ ሄሬሮዎች በሳሙኤል ማሃሬሮ መሪነት መሬታቸውንና ከብታቸውን በነጠቃቸው የጀርመን ቅኝ አገዛዝ ላይ ተነሡ። ለእነርሱ ግን አድዋ አልሆነላቸውም። በኦገስት ዋተርበርግ ላይ ተሸንፈው ውኃ ወደሌለበት የኦማሄኬ በረሃ ተነዱ። ኦክቶበር 2 ቀን ጄኔራል ሎታር ፎን ትሮታ በግዛቱ ወሰን ውስጥ የተገኘ ሄሬሮ ሁሉ፣ መሣሪያ ቢይዝም ባይዝም፣ እንዲተኮስበት አዘዘ። ቀድሞ 80 ሺህ ገደማ ይሆኑ ነበር ከሚባሉት ሰዎች በ1911 ቆጠራ የተገኙት 15 ሺህ ያህል ብቻ ነበሩ።

ዛሬ ዛፉ ሕግ ይጠብቀዋል፤ በናሚቢያም ሆነ በደቡብ አፍሪካ ያለ ፈቃድ አይቆረጥም። በልጆቹ ላይ የተፈጸመው ዘር ማጥፋት መሆኑን ጀርመን በይፋ ያመነችው ግን በ2021፣ ከ117 ዓመት በኋላ ነው። ያን ጊዜም በ30 ዓመት የሚከፈል 1.1 ቢሊዮን ዩሮ ልትሰጥ ቃል ስትገባ፣ ገንዘቡን የልማት ድጋፍ አለችው እንጂ «ካሳ» አላለችውም። ብዙ የሄሬሮ መሪዎችም ስምምነቱን አልተቀበሉትም።

እኔ የመዝገብ ሰው ነኝና ይገባኛል። ስጦታና ዕዳ በአንድ ዓምድ አይጻፉም። ሰጪ ሲሻው ይሰጣል፤ ባለዕዳ ግን ስሙ ተጠርቶ፣ ያጠፋው ተቆጥሮ ይከፍላል። ሄሬሮዎች የሚጠይቁት መጠኑን ብቻ ሳይሆን ዓምዱንም ነው።

አያት ቆሟል ደርቆ፣ ሥሩም ሳይነቀል፤
የልጆቹ ዕዳ፣ በስም እስኪከፈል።